የአምስተርዳምን የአይሁድ ሰፈር በብስክሌት ከአስጎብኚ ጋር ለመጎብኘት፦ ደረጃ በደረጃ መመሪያ

ወደ አምስተርዳም የሚመጡ ዘመዶችና ወዳጆች ደጋግመው የሚጠይቁኝ ይህንኑ ነው፦ «የድሮውን የአይሁድ ሰፈር በብስክሌት የሚያስጎበኙ አሉ ሲሉ ሰማሁ። እኔ ግን ብስክሌት ከነዳሁ ዘመን ሆኖኛል፤ እችለዋለሁ? ምን ልያዝ? በየትኛው ቀን ልሂድ?» ባሕር ዳር ወይም ሐዋሳ ያደገ ሰው ስለ መንዳቱ ብዙም አይጨነቅም። አዲስ አበባ ያደገው ግን ሥጋት አለበት፤ ሥጋቱም ተገቢ ነው። ለእያንዳንዱ በስልክ ከማስረዳት ብዬ በቅደም ተከተል ጽፌዋለሁ።

ከሁሉ በፊት ይህን ያዙ። በዚህ ጉብኝት ብስክሌቱ ከአንዱ ቦታ ወደ ሌላው መድረሻ ብቻ ነው፤ ሰፈሩ የሚታየው ቆሞ ነው። የሚከተሉት ደረጃዎች የመንዳቱን ጭንቀት አስቀድማችሁ እንድትጨርሱና በየማቆሚያው ዓይናችሁና ጆሯችሁ ነጻ እንዲሆኑ ታስበው የተጻፉ ናቸው። ዓመቶቹና ወሮቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- ፓስፖርት ወይም መታወቂያ። ብስክሌት አከራዮች ብዙ ጊዜ መታወቂያ ወይም ማስያዣ ይጠይቃሉ።
- የባንክ ካርድ። ጥሬ ገንዘብ የማይቀበሉ ቦታዎች ብዙ ናቸው።
- ዝናብ የማያስገባ ጃኬት። ጃንጥላ አትያዙ፤ አንድ እጅ ይወስድባችኋል፣ ነፋሱም ይገለብጠዋል።
- ሹራብ፣ በበጋም ቢሆን። የፖርቱጋሎች ምኩራብ (ከፖርቱጋልና ከስፔን የመጡ አይሁድ የሠሩት) ማሞቂያ የለውም።
- ከኦክቶበር እስከ ኤፕሪል ድረስ ስስ ጓንት። ጣት ከደነዘዘ ፍሬን በጊዜ አይያዝም።
- ተረከዙ ዝቅ ያለ፣ የማያንሸራትት ጫማ።
- በጀርባ የሚታዘል ትንሽ ቦርሳ። መሪው ላይ የተንጠለጠለ ቦርሳ ብስክሌቱን ወደ ጎን ይጎትታል፤ ትልቅ ቦርሳ ደግሞ በሙዚየሞቹ በር ፍተሻ ላይ ያስቸግራል።
- ለወንዶች ኮፍያ። ምኩራብ ውስጥ ወንዶች ራሳቸውን እንዲሸፍኑ ይጠየቃሉ። ኮፍያ የሌለው ሰው በሩ ላይ ኪፓ (የአይሁድ ትንሽ ቆብ) ይዋሳል።
- ሄልሜት። ለተራ ብስክሌት በሕግ ግዴታ አይደለም፤ አብዛኛው የአገሬው ሰውም አያደርገውም። እናንተ ግን ከልጅነታቸው ጀምሮ በየቀኑ እንደሚነዱት አይደላችሁምና ስትመዘገቡ ጠይቁ።

ማስጠንቀቂያ፦ ነጠላ፣ ረጅም ሻርፕና ሰፊ ቀሚስ ከብስክሌት ጋር አይስማሙም። ጫፋቸው በኋላ ጎማው ሽቦዎች ወይም በካቴናው ከተጠመጠመ ሰውን በአንድ ጊዜ ይጥላል። እናቶቻችን ነጠላ መልበስ ከፈለጉ ቦርሳ ውስጥ ይያዙትና ሲወርዱ ይልበሱት።

ደረጃ 1፦ ቀኑን ምረጡ

ቅዳሜን ተዉት። የፖርቱጋሎች ምኩራብ ዛሬም የሚጸለይበት ነውና በሰንበት ለጎብኚ ዝግ ነው። በአይሁድ በዓላትም እንዲሁ ይዘጋል፤ በተለይ በሴፕቴምበርና በኦክቶበር በዓላቱ ስለሚደራረቡ ትኬት ከመግዛታችሁ በፊት የመክፈቻ ቀኖቹን ተመልከቱ። ዓርብ በክረምት ፀሐይ ቶሎ ስለምትጠልቅ ቀደም ብለው ይዘጋሉ። የዋተርሎፕሌይን ገበያ እሑድ የለም። ስለዚህ ሁሉንም ማየት ለሚፈልግ ሰው ከሰኞ እስከ ሐሙስ ያሉት ቀናት ይሻላሉ።

ሦስት ቀናት ደግሞ ለየት ይላሉ። ኤፕሪል 27 የንጉሡ ቀን ነው፤ ከተማው በሰው ስለሚሞላ ብስክሌት አይነዳም። ፌብሩዋሪ 25 በዚሁ ሰፈር፣ በዮናስ ዳንኤል ሜየር አደባባይ፣ የ1941ዱ የሠራተኞች አድማ መታሰቢያ ሥነ ሥርዓት ይደረጋል። ሜይ 4 ከምሽቱ 2 ሰዓት አገሩ በሙሉ የጦርነት ሙታንን ለማሰብ ለሁለት ደቂቃ ጸጥ ይላል፤ ያን ጊዜ ብስክሌት ላይ ከሆናችሁ ወርዳችሁ ቁሙ።

ሰዓቱን በተመለከተ፣ ከጠዋቱ 4 ሰዓት ገደማ መነሣት ጥሩ ነው። የሥራና የትምህርት ቤት ግርግር አልፏል፤ መንገዱ ለእንግዳ ሰው ቀለል ይላል።

ደረጃ 2፦ አስጎብኚውን ጠይቃችሁ ያዙ

ገንዘብ ከመክፈላችሁ በፊት የሚከተሉትን ጠይቁ።

*ቡድኑ ስንት ሰው ነው?* ሲበዛ ጅራቱ በየመብራቱ ይቆረጣል፤ ሲቆምም የኋላው ሰው አይሰማም። አሥር ሰው ከሆነ በቂ ነው።

*ፕላንታዥን ያካትታል?* ብዙ አጫጭር ጉብኝቶች በምኩራቦቹ ዙሪያ ያበቃሉ። የሰፈሩ ታሪክ ግማሹ ያለው ግን ከዚያ በስተምሥራቅ፣ በፕላንታዥ ነው። እሱን የሚዘል ጉብኝት አትያዙ።

*የድሮ ፎቶግራፎች ይይዛሉ?* ይህን ጥያቄ ብዙ ሰው አይጠይቅም፤ እኔ ግን ከሁሉ የማስቀድመው ነው። ነዋሪዎቹ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በናዚዎች ወደ ሞት ካምፕ ከተወሰዱ በኋላ ባዶ የቀሩት ቤቶች በ1944 እና 45 የረሃብ ክረምት እንጨታቸው ለማገዶ ተነቅሎ ፈራርሰዋል። በኋላም ሰፋፊ መንገድና ሜትሮ ሲሠራ ብዙው ተነሣ። ዛሬ በሰፈሩ ባለው ጆደንብሬስትራት ጎዳና ላይ ስትቆሙ የምታዩት በአብዛኛው አዲስ ሕንጻ ነው። የድሮውን ፎቶ ከቦታው ጋር ካላስተያያችሁ የጠፋውን ነገር ልታዩት አትችሉም።

*ብስክሌቱ ምን ዓይነት ፍሬን አለው? የልጅ መቀመጫስ?* የፍሬኑን ምክንያት ደረጃ 4 ላይ ታገኙታላችሁ።

ደረጃ 3፦ የመግቢያ ትኬት ለብቻ ያዙ

የብስክሌት ጉብኝት ብዙውን ጊዜ ሕንጻዎቹን ከውጭ ያሳያል፤ ውስጥ አያስገባም። ውስጥ ለመግባት የአይሁድ ባህል ማዕከሉን የጋራ ትኬት ግዙ፦ የፖርቱጋሎቹን ምኩራብ፣ የአይሁድ ሙዚየምን፣ ብሔራዊ የሆሎኮስት (ናዚዎች በአይሁድ ላይ የፈጸሙት ጭፍጨፋ) ሙዚየምንና የቀድሞውን ቴአትር ቤት ሆላንድሸ ስሐውቡርኽን ያካትታል። በብስክሌት ጉብኝቱ ሰዓት ላይ አታጣብቁት፤ ከሰዓት በኋላ ወይም በማግስቱ በእግር ተመለሱ።

ከናዚዎች ተደብቃ ሳለ የዕለት ማስታወሻ የጻፈችው አይሁዳዊት ልጅ፣ የአን ፍራንክ ቤት የተለየ ጉዳይ ነው። ቤቱ በዚህ ሰፈር አይደለም፤ በምዕራብ በኩል በፕሪንሰንኽራኽት 263 ነው። ትኬቱ የሚሸጠው በኢንተርኔት ብቻ ሲሆን በየማክሰኞው ከስድስት ሳምንት በኋላ ላለው ጊዜ ይለቀቃል። አምስተርዳም ደርሶ መፈለግ ብዙውን ጊዜ ባዶ እጅ ያስቀራል።

ደረጃ 4፦ ከአንድ ቀን በፊት ተለማመዱ

ይህን ደረጃ አትዝለሉ። ብስክሌት ተከራይታችሁ ቮንደል ፓርክ ወይም ሌላ መኪና የማይገባበት ቦታ አንድ ሰዓት ንዱ። ሦስት ነገር ተለማመዱ።

ሀ. የኋላ ፍሬን። ብዙ የኪራይ ብስክሌቶች የሚቆሙት ፔዳሉን ወደ ኋላ በመርገጥ ነው። አገር ቤት በእጅ ፍሬን የለመደ ሰው ሳያስበው ፔዳሉን ወደ ኋላ ያሽከረክርና ድንገት ቀጥ ይላል፤ ከኋላ የሚመጣው ይጋጨዋል። ቀስ ብሎ መርገጥን እግራችሁ እስኪለምድ ድረስ ደጋግሙ። ስትቆሙ ደግሞ የምትነሡበት እግር ያለበት ፔዳል ከፍ ብሎ ይቁም፤ በኋላ ወደ ኋላ አዙራችሁ ልታስተካክሉት አትችሉም።

ለ. በአንድ እጅ መንዳት። ስትታጠፉ ወደምትሄዱበት አቅጣጫ ክንዳችሁን ዘርግታችሁ ማሳየት ግድ ነው። አንዱን እጅ ስትለቁ መሪው የሚንቀጠቀጥባችሁ ከሆነ ገና ለመንገድ አልደረሳችሁም።

ሐ. ትከሻ ላይ ዞሮ ማየት። ወደ ግራ ከመውጣታችሁ በፊት ከኋላ የሚመጣ መኖሩን ማረጋገጫ ሌላ መንገድ የለም።

መቀመጫውን ዝቅ አድርጉት፤ ተቀምጣችሁ የሁለቱም እግሮቻችሁ ጣቶች መሬት ይንኩ። ለረጅም መንገድ ከፍ ያለው ይመቻል፤ ለዚህ ጉብኝት ግን በየጥቂት ደቂቃው ስለምትቆሙ ዝቅ ያለው ይበልጣል።

አንድ ሰዓት ተለማምዶ አሁንም የሚፈራ ሰው ካለ አታስገድዱት። በምኩራቦቹና በፕላንታዥ መካከል ያለው ርቀት በእግር የሚያዳግት አይደለም፤ ያው ጉብኝት በእግርም አለ።

ደረጃ 5፦ እነዚህን የመንገድ ሕጎች አጥኑ

- ሁልጊዜ በቀኝ ጠርዝ ንዱ። ሌሎች በግራችሁ ያልፋሉ። ከኋላ ደወል ስትሰሙ አትደንግጡ፤ ቀጥ ብላችሁ በቀኝ ቀጥሉ።
- የብስክሌት መንገዱ ብዙውን ጊዜ ቀይ ነው። ለፎቶ በዚያ ላይ አትቁሙ፤ ከመንገዱ ወጥታችሁ ቁሙ።
- መሬት ላይ የተቀቡ ነጭ ሦስት ማዕዘኖች ሹል ጫፋቸው ወደ እናንተ ከዞረ ቅድሚያ መስጠት አለባችሁ። ምንም ምልክት በሌለበት መስቀለኛ ከቀኝ የሚመጣው ቅድሚያ አለው።
- ለትራም ሁልጊዜ አሳልፉ። ትራም ቶሎ ሊቆም አይችልም።
- ከጁላይ 2019 ጀምሮ እየነዱ ስልክ በእጅ መያዝ ክልክል ነው፤ ያስቀጣል።
- ሲጨልም ከፊት ነጭ፣ ከኋላ ቀይ መብራት ያስፈልጋል።

ማስጠንቀቂያ፦ በዚህ ጉብኝት ላይ ሰውን ከሁሉ በላይ የሚጥለው የትራም ሐዲድ ነው። ጎማው ሐዲዱ መካከል ከገባ መሪው አይታዘዝም። ሐዲድን በተቻለ መጠን በቀጥታ፣ መስቀል ሠርታችሁ ተሻገሩ፤ ጎን ለጎን አትንዱበት። ዝናብ ከጣለ ብረቱ ያንሸራትታል፤ ያን ጊዜ ወርዳችሁ ገፍታችሁ ብትሻገሩ ማንም አይታዘባችሁም።

ደረጃ 6፦ ቦታችሁንና አስተርጓሚያችሁን ወስኑ

ጉብኝቱ በአብዛኛው በእንግሊዝኛ ነው። እናት ወይም አባት ይዛችሁ ከሆነ አንድ ሰው እንዲያስተረጉምላቸው ከመነሻው መድቡ፤ አስጎብኚውም በየማቆሚያው ሁለት ደቂቃ እንዲጨምር ንገሩት። እየነዱ ማስተርጎም አይቻልም፤ ጎን ለጎን ለመነጋገር ሲሉ መስመር ይለቃሉ።

ከሁሉ ያነሰ ልምድ ያለው ሰው ከአስጎብኚው ቀጥሎ ይንዳ፤ ጎበዙ ኋላ ይሁን። ብዙ ቤተሰብ የሚያደርገው ተቃራኒውን ነው። ደካማው ኋላ ሲቀር ቡድኑን ለመድረስ ይሮጣል፤ ቀይ መብራት የሚጥሰውም ያን ጊዜ ነው። መብራት ከለያያችሁ ቁሙ፤ አስጎብኚው ይጠብቃል።

ደረጃ 7፦ ከጆደንብሬስትራት እስከ ዋተርሎፕሌይን፤ መመልከትን ጀምሩ

እዚህ መንገዱ ቀላል ነው። ሬምብራንት በ1639 የገዛው ቤት በጆደንብሬስትራት ላይ ይገኛል፤ ሠዓሊው የአይሁድ ጎረቤቶቹን ይሥል ነበር። ከጀርባው ባለው ኡይለንቡርኽ በ1879 የተሠራ የአልማዝ መቁረጫ ፋብሪካ አለ፤ አልማዝ መቁረጥ የብዙ የዚህ ሰፈር ሰዎች እንጀራ ስለነበር አስጎብኚያችሁ ዘልሎት እንዳይሄድ ጠይቁ። በዝዋነንቡርኽቫል ዳር የስፒኖዛ ሐውልት ቆሟል፤ ፈላስፋው ተወልዶ ያደገው በዚሁ ሰፈር ነው፣ በ1656 ከማኅበረሰቡ የተወገዘውም እዚሁ ነው።

ገበያው ውስጥ ብስክሌት አትንዱ፤ ግፉት። መተላለፊያው ጠባብ ነው፤ ዕቃም መሬት ላይ ይዘረጋል።

ዓይናችሁን ወደ መሬትም ጣሉ። በየቤቱ ደጃፍ የተቀበሩ ትንንሽ የነሐስ ሰሌዳዎች ታገኛላችሁ፤ በዚያ ቤት ይኖር የነበረው ሰው ስም፣ የተወለደበት ዓመትና የተገደለበት ቦታ ተጽፎባቸዋል። ብስክሌት አታቁሙባቸው። ጎንበስ ብላችሁ አንዱን እስከ መጨረሻው አንብቡ።

ደረጃ 8፦ ሜስተር ቪሰርፕሌይንን ተሻገሩ፤ ከዚያ በደንብ ቁሙ

ከገበያው ወደ ምኩራቡ የሚያሻግረው ይህ መስቀለኛ ከጉብኝቱ ሁሉ አስቸጋሪው ቦታ ነው፦ ትራም፣ መኪናና ብስክሌት ከየአቅጣጫው ይገናኙበታል። የብስክሌቱን መብራት ብቻ ተከተሉ፤ የእግረኛው ወይም የመኪናው አረንጓዴ ስለበራ አትነሡ።

ከተሻገራችሁ በኋላ በዮናስ ዳንኤል ሜየር አደባባይ ከብስክሌት ውረዱ። እዚህ ቢያንስ ሃያ ደቂቃ ያስፈልጋችኋል። በመካከሉ የቆመው የወደብ ሠራተኛ ሐውልት በ1952 የተተከለ የማሪ አንድሪሰን ሥራ ነው። ፌብሩዋሪ 22 እና 23 ቀን 1941 ናዚዎች ከ400 በላይ አይሁድ ወንዶችን በዚህ አካባቢ አፍሰው ወሰዱ። ከሁለት ቀን በኋላ የአምስተርዳም ሠራተኛ ሥራ አቆመ፤ ትራሞች ቆሙ፣ የወደብና የፋብሪካ ሠራተኞች ወጡ። ሐውልቱን ፊት ለፊት ብቻ አይታችሁ አትለፉ፤ ጎኑን ዙሩና የእጆቹን አያያዝ ተመልከቱ።

ከፊት ለፊት ያለው የፖርቱጋሎች ምኩራብ በ1675 የተመረቀ ነው። ስትገቡ ሁለት ነገር ከእኛ ልማድ ይለያል፦ ወንዱ ራሱን ይሸፍናል፣ ጫማም አይወልቅም። ወለሉ ላይ አሸዋ ተነስንሷል፤ ከጫማ የሚመጣውን እርጥበትና አቧራ ይይዛል፣ ኮቴንም ያለዝባል። የኤሌክትሪክ መብራት የለውም፤ በነሐስ መቅረዞቹ ላይ ወደ 1,000 የሚጠጉ ሻማዎች ይበራሉ። በግቢው ያለው የኤጽ ሐይም ቤተ መጻሕፍት ከ1616 ጀምሮ የቆየ ሲሆን በዩኔስኮ «የዓለም ትዝታ» (Memory of the World) መዝገብ ሰፍሯል።

በሩ ላይ ጥበቃና ፍተሻ አለ። አትከፉ፤ ለሁሉም ሰው ነው። ብስክሌታችሁን ግድግዳው ላይ አታስደግፉ፤ ቦርሳም ትታችሁ አትራቁ።

ደረጃ 9፦ የስሞቹ መታሰቢያ

ዌስፐርስትራት ላይ በ2021 የተከፈተው፣ የዳንኤል ሊበስኪንድ ንድፍ የሆነው መታሰቢያ ከ102 ሺህ በላይ ጡቦች አሉት። በእያንዳንዱ ጡብ ላይ የአንድ ሰው ስም፣ የልደት ቀንና ሲሞት የነበረው ዕድሜ ተቀርጿል። ብስክሌታችሁን ውጭ አቁሙ፤ መተላለፊያዎቹ ለእግር ብቻ ናቸው።

ብዙ ሰው እዚህ ሲደርስ ከብዛቱ የተነሣ አንድም ስም ሳያነብ ይወጣል። ይህን አድርጉ፦ አንድ የቤተሰብ ስም ምረጡና በዚያ ስም ስር ያሉትን ሁሉ ከነዕድሜያቸው አንብቡ። ስሞቹ በፊደል ተራ ስለተደረደሩ አንድ ቤተሰብ ጎን ለጎን ይገኛል። የአያቱን 71 ከልጅ ልጁ 2 አጠገብ ስታዩ ቁጥሩ ምን ማለት እንደሆነ ይገባችኋል። ልጆች ይዛችሁ ከሆነ አስቀድማችሁ ንገሯቸው፤ የእኩዮቻቸውን ዕድሜ ያገኛሉና።

ደረጃ 10፦ ፕላንታዥ

በቬርትሃይም ፓርክ መሬት ላይ የተነጠፉ የተሰነጣጠቁ መስተዋቶች አሉ፤ የናዚ ሞት ካምፕ የነበረው የአውሽዊትዝ መታሰቢያ ነው። ከበላዩ ጎንበስ ብላችሁ ሰማዩ ተሰነጣጥቆ የሚታይበትን ተመልከቱ፤ አትርገጡት።

ከዚያ ፕላንታዥ ሚደንላን ላይ ሆላንድሸ ስሐውቡርኽ አለ። ቴአትር ቤት ነበር፤ በ1942 እና 1943 ናዚዎች አይሁድን ሰብስበው ወደ ካምፕ የሚልኩበት አደረጉት። ከመንገዱ ማዶ የሕፃናት ማቆያ ነበር፤ ልጆቹን ከወላጆቻቸው ለይተው እዚያ ያስቀምጧቸው ነበር። ቦታው ላይ ስትደርሱ በቴአትር ቤቱ በር ቁሙና ትራም እስኪመጣ ጠብቁ። ትራሙ በመካከል ሲቆም ማዶው ከዓይናችሁ ይሰወራል። በቴአትር ቤቱ ይሠራ የነበረው ዋልተር ዙስኪንድ፣ የሕፃናት ማቆያው ኃላፊ ሄንሪየተ ፒመንተልና ረዳቶቻቸው የተጠቀሙት በዚሁ ነው፦ ትራሙ የጠባቂዎቹን ዓይን በጋረደባት ቅጽበት ልጆችን ይዘው ይወጡ ነበር። አጠገቡ ያለው የመምህራን ማሠልጠኛ ኃላፊ ዮሃን ፋን ሁልስትም ልጆችን በጓሮ ተቀብሎ ያሸሽ ነበር። በዚህ ሁሉ ወደ 600 የሚጠጉ ልጆች ተርፈዋል። ማሠልጠኛው ከማርች 2024 ጀምሮ ብሔራዊ የሆሎኮስት ሙዚየም ነው። አስጎብኚያችሁ ሊያቻኩላችሁ ቢሞክር እንኳ ትራሙን ሳታዩ ከዚህ አትነሡ።

ደረጃ 11፦ ብስክሌቱን መልሱ

በሁለት ቁልፍ ቆልፉት፦ አንዱ የኋላ ጎማውን፣ ሌላው ሰንሰለት አካሉን ከማይነቀል ብረት ጋር። በየማቆሚያውም እንዲሁ አድርጉ፤ በአምስተርዳም የብስክሌት ሌብነት የተለመደ ነው። ስትመልሱ ፎቶ አንሡት፤ ማስያዣችሁ ላይ ክርክር ቢነሣ ማስረጃ ይሆናችኋል።

የተለመዱ ስሕተቶች

*በጉብኝቱ ማብቂያ በቀጥታ ሙዚየም መግባት።* ከሁለትና ሦስት ሰዓት መንዳትና መስማት በኋላ አእምሮ ይሞላል። ብሉ፣ ዕረፉ፤ ከዚያ ግቡ።

*በመታሰቢያዎቹ ላይ ተቀምጦ ፎቶ መነሣት።* ከጎናችሁ የቆመው ሰው የአያቱን ስም ሊፈልግ የመጣ ሊሆን ይችላል። ፎቶ ማንሣት አልተከለከለም፤ መቀመጥና መደገፍ ግን ተዉ።

*የአን ፍራንክን ነገር እዚህ መጠበቅ።* ቤተሰቡ ከመደበቁ በፊት ይኖር የነበረው በደቡብ፣ በሜርቬደፕሌይን ነው። አንዳንድ ረጃጅም ጉብኝቶች እስከዚያ ይዘልቃሉ፤ ብስክሌት በእውነት የሚጠቅመውም ለዚያ ርቀት ነው። ስትመዘገቡ ጠይቁ።

*ሰዓት ማምታታት።* ማረጋገጫው ላይ 10:00 ከተጻፈ በእኛ አቆጣጠር ከጠዋቱ 4 ሰዓት ነው። ከአገር ቤት ለሚመጣ ዘመድ በሁለቱም አቆጣጠር ጽፋችሁ ላኩለት፤ ከሰዓቱም ሃያ ደቂቃ ቀድሞ ይድረስ፤ መቀመጫ ማስተካከያና ፍሬን መሞከሪያ ጊዜ የሚያገኘው ያን ጊዜ ነው።